ደብረ ሊባኖስ፣ ጀማ ወይስ የአባይ በረሃ? ደርሶ መልስ የገደል ጉዞ ከመግዛትዎ በፊት

ከአዲስ አበባ በእንጦጦ በኩል ወጥቶ ሱሉልታን ያለፈ መንገደኛ የሚያየው ሜዳ ነው፤ ሳር፣ የገብስ ማሳ፣ ከብት፣ ባሕር ዛፍ። የሰላሌ ምድር እንዲህ እንደ ምንጣፍ ተዘርግቶ ይቆይና ከአንድ ቦታ ላይ ሲደርስ እግር ሥር ያልቃል። ከዚያ ወዲያ ገደል ነው። ይህን ለማየት ለአንድ ቀን ከአስጎብኚ ጋር የሚወጣ ሰው የሚቀርቡለት ምርጫዎች በዋናነት ሦስት ናቸው፦ ደብረ ሊባኖስ፣ በለሚ በኩል የሚወረድበት የጀማ ሸለቆ፣ እንዲሁም ከጎሐ ጽዮን ወደ ታች የሚኬድበት የአባይ በረሃ።

በማስታወቂያ ላይ ሦስቱ አንድ ይመስላሉ። ሁሉም «መጓጓዣ፣ አስጎብኚ፣ ምሳ፣ ውኃ» ይላሉ፤ ሁሉም ላይ ጭላዳና ገደል አለ። ውኃውም ቢሆን አንድ ነው፤ ከደብረ ሊባኖስ በታች የሚወርደው ወንዝ ጀማን ይቀላቀላል፣ ጀማም አባይን። ገንዘብዎ የሚገዛው ነገር ግን በሦስቱ የተለያየ ነው። በደብረ ሊባኖስ ጉዞ የሚገዙት ጊዜ ነው፤ ከመኪና ወርደው አፋፉ ላይ የሚቆዩበት ሰዓት። በአባይ በረሃ የሚገዙት አስጎብኚውንና ሾፌሩን ነው። በጀማ ደግሞ መኪናውንና ጸጥታውን። ዋጋ ከማወዳደር በፊት ይህን መለየት ይቀድማል።

መጀመሪያ መንገዱ

የትኛውንም ቢመርጡ አወጣጡ በዚያው በጎጃም መንገድ ነው። በቅርብ ዓመታት በጸጥታ ምክንያት መንገዱ የተዘጋባቸው ጊዜያት ነበሩ። ስለዚህ ቀብድ ከመክፈልዎ በፊት አንድ ጥያቄ ይጠይቁ፦ መንገዱ ቢዘጋ ገንዘቤ ምን ይሆናል? ጥሩ መልስ ከሁለት አንዱ ነው፤ ሙሉ ተመላሽ፣ ወይም ያለ ተጨማሪ ክፍያ ወደ ሌላ ቀን መዛወር። «ወደ ሌላ ቦታ እንወስዳችኋለን» የሚለው ግን ያ ሌላ ቦታ አስቀድሞ በስም ካልተጻፈ መልስ አይደለም። ስምምነቱ ደረሰኙ ላይ ይጻፍ።

ሁለተኛው ነገር ሰዓት ነው። ጀምበር እንደ ወቅቱ ከምሽቱ 12፡00 እስከ 12፡50 ባለው ጊዜ ትጠልቃለች። ከጨለማ በኋላ በገጠር መንገድ መንዳት መብራት የሌለው ጋሪ፣ የቆመ የጭነት መኪናና ከብት አለበት፤ ለጸጥታውም አይመከርም። ስለዚህ ጉዞው ጠዋት 12 ሰዓት ተነስቶ ማታ ከ12፡30 በፊት ሱሉልታ የሚደርስ መሆን አለበት። በእጅዎ ያለው 12 ሰዓት ተኩል ብቻ ነው። «1 ሰዓት ተኩል ላይ እንነሳለን» የሚል የአባይ በረሃ ጉዞ ከተሸጠልዎ ሻጩ ወይ መንገዱን አያውቀውም፣ ወይ በጨለማ ሊመልስዎ አስቧል።

በአንድ እይታ

| | ደብረ ሊባኖስ | ጀማ (በለሚ) | አባይ በረሃ (እስከ ድልድዩ) |
|---|---|---|---|
| ርቀት፣ መሄጃው ብቻ | 100 ኪ.ሜ ገደማ | እስከ ለሚ 120 ኪ.ሜ ገደማ፣ ከዚያ ቁልቁለቱ | 205 ኪ.ሜ ገደማ |
| መኪና ውስጥ፣ ደርሶ መልስ | 5 ሰዓት | 7 ሰዓት | 9 ሰዓት |
| ገደሉ የሚታየው | ከአፋፉ፣ በእግር | ከአፋፉም ከሥሩም | ከመኪና፣ በየማቆሚያው |
| ጭላዳ የማየት ዕድል | ከፍተኛ | ጥሩ | በዕድል |
| ለትናንሽ ልጆችና ለአረጋውያን | ይሆናል | ይከብዳል | መቀመጥ ለሚችል ብቻ |

ሰዓቶቹ መንገዱ ሰላም በሆነበት ቀን የሚወስዱት ናቸው። በየኬላው ለሚኖር ፍተሻና ከጭነት መኪና ኋላ ለመጎተት ቢያንስ 1 ሰዓት ይጨምሩ።

ደብረ ሊባኖስ፦ ብዙ ሰዓት፣ ጥቂት መንገድ

ጠዋት 12፡30 ቢነሱ 3 ሰዓት ላይ እዚያ ነዎት። ማታ 11 ሰዓት አዲስ አበባ ለመግባት 8፡30 ላይ መነሳት ይበቃል። አምስት ሰዓት ተኩል ንጹሕ ጊዜ ማለት ነው፤ ምሳው ቢነሳለት እንኳ ከአራት በላይ ይተርፋል። ከሦስቱ ጉዞዎች ከመቀመጫው ይልቅ ለእግር ብዙ ጊዜ የሚሰጠው ይህ ብቻ ነው።

ቅደም ተከተሉ ግን ብዙ ጊዜ ይበላሻል። አብዛኛው ቡድን መጀመሪያ ገዳሙ ይገባል፣ ምሳ ይበላል፣ ከዚያ ወደ አፋፉ ይሄዳል። መሆን ያለበት የተገላቢጦሽ ነው። ጭላዳ ሌሊቱን ገደሉ ላይ ባሉ እርከኖች ያድራል፣ ፀሐይ ስትሞቅ ወደ ሜዳው ወጥቶ ሳር ይነጫል። ምግቡ በአብዛኛው ሳር ስለሆነ ቀኑን ሙሉ ተቀምጦ ሲለቅም ይውላል፤ ጠዋት ከአፋፉ ሳይርቅ ነው የሚገኘው። ቀኑ በገፋ ቁጥር ይርቃል፣ ወይም የእረኛ ውሻ ያርቀዋል። ብርሃኑም ቢሆን ከረፋዱ በፊት ነው የገደሉን እጥፋት የሚያሳየው፤ ቀትር ላይ ሁሉም ጠፍጣፋ ግራጫ ይሆናል። ስለዚህ አስጎብኚውን «መጀመሪያ አፋፉ፣ ከዚያ ገዳሙ» ብለው ያስጽፉት። ጭላዳውን መመገብ ክልክል መሆኑንም ለልጆች ይንገሯቸው፤ አንዴ ዳቦ የለመደ መንጋ ከሰው እጅ መንጠቅ ይጀምራል።

አፋፉ ላይ «የፖርቱጋሎች ድልድይ» የሚባል የድንጋይ ድልድይ አለ። ብዙ አስጎብኚ 16ኛው ክፍለ ዘመን ላይ ያስቀምጠዋል። ድልድዩ የተሠራው ከዚያ በጣም ዘግይቶ፣ የዐፄ ምኒልክ አጎት በሆኑት በራስ ዳርጌ ዘመን ነው። ይህችን ጥያቄ አስቀድመው በስልክ መጠየቅ የአስጎብኚውን ዝግጅት ለመለካት በቂ ናት። ከመንገዱ እስከ ድልድዩ ያለው ቁልቁለት አጭር ነው፣ ችግሩ ድንጋዩ ነው። ጥቁሩ ባልጩት መሰል ድንጋይ ሲረጥብ ይሟልጫል፣ ከድልድዩ በታች ደግሞ ውኃው በቀጥታ ወደ ገደሉ ይወርዳል፤ መከለያ የለም። ጫማዎ ሶሉ ጥርስ ያለው ይሁን። ፏፏቴውን ብሎ የሚሄድ ሰው ከሐምሌ እስከ ጥቅምት መጀመሪያ ይሂድ፤ ከጥር በኋላ ማስታወቂያው ላይ ያለው ፏፏቴ እርጥበት ያለው ግድግዳ ነው።

ገዳሙን በ13ኛው ክፍለ ዘመን የመሠረቱት አቡነ ተክለ ሃይማኖት ናቸው። አሁን የሚታየው ትልቁ ቤተ ክርስቲያን በዐፄ ኃይለ ሥላሴ ዘመን የተሠራ ነው። በግንቦት 1929 ዓ.ም. የግራዚያኒ ጦር መነኮሳቱንና ምእመናኑን የጨፈጨፈው እዚህ ስለሆነ አስጎብኚ ነኝ የሚል ሰው ይህንን ሳይናገር ቢያልፍ ያስወቅሰዋል። ለመግባት ጫማ ይወልቃል፣ ሴቶች ነጠላና ረዘም ያለ ቀሚስ ያስፈልጋቸዋል፤ የመግቢያ ክፍያ ስላለ በጥቅሉ ውስጥ መካተቱን ይጠይቁ። ከቤተ ክርስቲያኑ በላይ ያለው ዋሻና ጸበል አጭር ግን የሚያስተነፍስ ዳገት አለው። ወር በገባ በ24 ሰዉ ብዙ ነው፤ በታኅሣሥ 24፣ በግንቦት 12 እና በነሐሴ 24 ደግሞ መኪና ማቆሚያ ማግኘት ይከብዳል። ለበዓሉ የሚሄድ ይሂድ፤ ለገደሉ የሚሄድ ሌላ ቀን ይምረጥ።

የአባይ በረሃ፦ ጥልቁ፣ ግን ከመስኮት

ትልቁ ገደል ይህ ነው፤ በዚህ አንከራከርም። ጎሐ ጽዮን ከባሕር ወለል በላይ 2,500 ሜትር ገደማ ላይ ናት፣ ወንዙ 1,050 ሜትር ገደማ ላይ። ይህ 1,450 ሜትር ቁልቁለት በ20 ኪሎ ሜትር መንገድ ላይ ተጠምዝዞ ይወረዳል፤ በአማካይ በየ100 ሜትሩ ከ7 ሜትር በላይ መውረድ ማለት ነው። አየሩ በየ1,000 ሜትሩ ወደ 6.5 ዲግሪ ስለሚሞቅ ጃኬት ለብሶ ከደጋው የተነሳ ሰው ከአንድ ሰዓት ባነሰ ጊዜ ውስጥ ዘጠኝ ዲግሪ ያህል ወደሚበልጥ ቆላ ይገባል። በመጋቢትና በሚያዝያ ሥሩ ላይ ቆሞ መቆየት አይቻልም።

አሁን ሒሳቡን ይሥሩ። በእጅዎ 12 ሰዓት ተኩል አለ። ዘጠኙ መንዳት ነው። ከቀረው ሦስት ሰዓት ተኩል ላይ አንዱን ለኬላና ለጭነት መኪና፣ 45 ደቂቃ ለምሳ ያንሱ። ከመኪና ውጭ የሚቆሙት አንድ ሰዓት ከ45 ደቂቃ ነው። በዚህ ላይ «ደጀንም እንወጣለን» የሚል ጉዞ ሌላ 20 ኪሎ ሜትር ዳገት ይጨምርና ያንኑ 20 ኪሎ ሜትር መልሶ ይወርዳል፤ ቀሪው ጊዜ ሙልጭ ብሎ ያልቃል። በአንድ ቀን ከሆነ ድልድዩ ላይ መመለስ ነው ልኩ። ደጀን ለሚያድር ሰው ነው።

ታዲያ ለምን ይገዛል? ለድንጋዩ። መንገዱ ገደሉን ሲቆርጥ የምድሪቱን ታሪክ እንደ ተቆረጠ ድፎ ዳቦ አሳይቶታል። ከላይ ጥቁሩ የእሳተ ገሞራ ድንጋይ አለ፣ ዕድሜው 30 ሚሊዮን ዓመት ገደማ። ከሥሩ የአሸዋ ድንጋይ። ቀጥሎ ነጣ ያለውና በንብብር የተቀመጠው የኖራ ድንጋይ ይመጣል፤ ይህ አገር ባሕር በነበረበት ዘመን የተከማቸ ነው፣ ልብ ብሎ ያየ ሰው በውስጡ የባሕር ፍጥረት ቅሪት ያገኛል። ከዚያ ጄሶና የሸክላ ድንጋይ፣ ወንዙ አጠገብ ደግሞ ቀላ ያለ የአሸዋ ድንጋይ። መንገዱ በየጊዜው የሚሰነጠቀውና እንደ ማዕበል የሚታጠፈው በዚሁ ምክንያት ነው። ጄሶውና ሸክላው ውኃ ሲጠጡ ይለሰልሳሉ፣ ከላይ የተንከባለለው ልቅ አፈርና ድንጋይም በእነሱ ላይ ይንሸራተታል። ይህንን በአራት ማቆሚያ ላይ አውርዶ በጣቱ የሚያሳይ አስጎብኚ ካለዎት ዘጠኝ ሰዓት መቀመጥ ያዋጣል። «ይኸው አባይ» ብሎ ዝም የሚል ከሆነ አያዋጣም፤ ባሕር ዳር በሚሄድ አውቶቡስ ቢያልፉም ያንኑ ነው የሚያዩት። ስለዚህ ከመክፈልዎ በፊት «ሲወርድ ስንት ቦታ እንቆማለን? በእያንዳንዱ ምን እናያለን?» ብለው ይጠይቁ።

ሥሩ ላይ ሁለት ድልድዮች ጎን ለጎን አሉ፤ አሮጌውና በጃፓን መንግሥት ድጋፍ ተሠርቶ በ2000 ዓ.ም. ማብቂያ ላይ የተመረቀው፣ በኬብል የተወጠረው 303 ሜትር የሕዳሴ ድልድይ። ጥበቃ አለ፣ ፎቶም አይፈቀድም። ስልክ ማውጣት ቀኑን ያበላሻል። ፎቶ የሚነሳው ከላይ፣ ከአፋፉ ነው።

ሾፌሩ እዚህ ከአስጎብኚው እኩል ነው። ቁልቁለቱን በፍሬን ብቻ የሚወርድ ሾፌር ከግማሽ መንገድ በፊት ፍሬኑን ያግለዋል፤ የተቃጠለ ሽታ ይመጣል፣ ፔዳሉ ይለሰልሳል፣ የፍሬን ዘይቱ ከፈላ ደግሞ ጭራሽ አይዝም። ትክክለኛው አወራረድ በሁለተኛ ወይም በሦስተኛ ማርሽ ሞተሩ መኪናውን እንዲይዘው አድርጎ ፍሬኑን ቆጥቆጥ እያደረጉ መሄድ ነው። ሽታው ከመጣ ዳር ይዞ 20 ደቂቃ ማቆም፤ ጎማው ላይ ውኃ ማፍሰስ አይገባም፣ የጋለ ዲስክ ይሰነጠቃል። ሲመለሱ ችግሩ ይገለበጣል፦ ከሙሉ ጭነት ጋር ዳገቱን የሚወጣ ሞተር ይግላል። ኤሲ ይጠፋል፣ መስኮት ይከፈታል። መርፌው ቀዩ ላይ ከደረሰ ሞተሩ እስኪቀዘቅዝ የራዲያተሩ ክዳን አይነካም።

ጀማ፦ ለሚያውቅ ገዢ

ከሙከጡሪ ወደ ቀኝ ታጥፎ በለሚ በኩል የሚወጣው መንገድ ከአፋፉ ከ1,000 ሜትር በላይ ወርዶ ጀማን ያገኛል። ገደሉ ከአባይ በረሃ ያንሳል፣ ሰውም ያንሳል። ሦስቱንም ያየ ሰው ሁለተኛ ጊዜ የሚመለሰው ብዙ ጊዜ ወደዚህ ነው። አፋፉ ላይ ቆሞ ማየት፣ ወርዶ ወንዙ ዳር መቀመጥ፣ ተመልሶ በሌላ ብርሃን ማየት፤ ይህ በሌሎቹ ሁለት ጉዞዎች በአንድ ቀን አይገኝም። የወፍ ተመልካቾች ደግሞ ከኢትዮጵያ ውጭ የማትገኘውን፣ በአባይና በገባሮቹ ሸለቆዎች ብቻ የምትኖረውን የሃርዉድ ቆቅ ፍለጋ ይመጣሉ። እሷን የፈለገ ማለዳ መድረስ አለበት፤ አስጎብኚውም ድምፅዋን የሚለይ ይሁን።

የሚጎድለውም ብዙ ነው። ንጹሕ ምሳ ቤትና መጸዳጃ አይጠብቁ፣ ምሳው ከአዲስ አበባ ተይዞ ይኬዳል። ለሚ አካባቢ የሲሚንቶ ፋብሪካ ስላለ በመንገዱ ላይ ከባድ መኪና ይበዛል። ቁመቱ ዝቅ ያለ ሚኒባስ ከአስፋልቱ ወጥቶ ወደ አፋፉ መጠጋት አይችልም፤ ስለዚህ መኪናው ከፍ ያለና አራት ጎማው የሚጎትት ካልሆነ የዚህን ጉዞ ግማሹን አልገዙም። በክረምት ጥቁሩ አፈር ጭቃ ሲሆን ላንድ ክሩዘርም ይይዛል።

በጫንጮ በኩል ወደ ደርባ የሚኬድበት የሙገር ገደልም ይሸጣል። ቅርብ ነው፣ ግማሽ ቀን ይበቃዋል። የሲሚንቶ ጫኝ መኪናና አቧራ ግን እስከ መጨረሻው አይለይዎትም።

በቡድን ወይስ በግል መኪና

የቡድን ዋጋ ርካሽ የሚመስለው የጎደለውን ስላልደመሩበት ነው። የመግቢያ ክፍያ፣ የአካባቢ አስጎብኚ፣ ምሳና ውኃ ካልተካተቱ ይደምሯቸው። ከዚያ የግል መኪናውን ጠቅላላ ዋጋ (ከነዳጅና ከሾፌር አበል ጋር) ለሰዎቻችሁ ቁጥር ያካፍሉት። አራት ወይም አምስት ሰው ከሆናችሁ ልዩነቱ ብዙ ጊዜ ከምትገምቱት ያነሰ ነው። ለአንድና ለሁለት ሰው ቡድኑ ይሻላል።

ለደብረ ሊባኖስ ቡድን ምንም አይልም። ለአባይ በረሃ ግን አደጋ አለው፤ አንድ ሰው 40 ደቂቃ ቢያረፍድ ከዚያች ከአንድ ሰዓት ከ45 ደቂቃ ላይ ነው የሚቀነሰው። ለጀማ በግል እንጂ በቡድን አይኬድም፣ ወፉም ጭላዳውም ሠላሳ ሰው አይጠብቅም።

መኪናውን ሳያዩ አይክፈሉ፤ ቢያንስ ፎቶውን ያስልኩ። የዘመኑ ቦሎ ተለጥፎበታል? የጎማው ጥርስ አልቋል? ትርፍ ጎማ አለ? ነዳጁ አዲስ አበባ ላይ ይሞላ፤ ቁልቁለቱ ላይ ማደያ የለም። አስጎብኚው የሙያ ፈቃድ እንዳለው፣ በቋንቋዎ የሚመራዎት እሱ ራሱ መሆኑንም ያረጋግጡ። ሾፌሩን «አስጎብኚም ነው» ብሎ መሸጥ የተለመደ ነው፤ ለደብረ ሊባኖስ ያልፋል፣ ቁልቁለት ለሚነዳ ሰው ግን ማውራት ሥራው አይደለም።

የሚያዝ

ለደብረ ሊባኖስ በሰው 2 ሊትር፣ ለሌሎቹ 3 ሊትር ውኃ። ጃኬት ለጠዋቱ፣ ቀለል ያለ ልብስና ባርኔጣ ለቆላው። ዝርዝር ብር ለመግቢያና ለአካባቢ አስጎብኚ፤ ሸለቆው ውስጥ ኔትወርክ ስለሚጠፋ በቴሌብር ላይ ብቻ አይተማመኑ። መኪና የሚያዞረው ሰው ፊት ይቀመጥ፣ መድኃኒቱንም ከጎሐ ጽዮን በፊት ይዋጥ፣ መዞሩ ከጀመረ በኋላ እምብዛም አይሠራም። ረቡዕና ዓርብ ወይም በአጽዋማት የሚሄዱ ከሆነ ምሳው የጾም መሆን አለመሆኑን ከዋዜማው ይናገሩ።

ጭጋግ ቢያጋጥም

በሐምሌና በነሐሴ አፋፉ በጭጋግ ሊሸፈን ይችላል። ደብረ ሊባኖስ ላይ ከሆነ ወረፋውን ቀይሮ ገዳሙን ማስቀደም ነው፤ ረፋዱ ላይ ብዙ ጊዜ ይገለጣል። ጎሐ ጽዮን ላይ ከሆነ 30 ደቂቃ ይጠብቁ። ደመናው ብዙ ጊዜ አፋፉ ላይ ስለሚቀመጥ ትንሽ ሲወርዱ ከሥሩ ብቅ ይላሉ፣ ግን ይህን የሚወስነው ሾፌሩ ነው፤ ከፊቱ 50 ሜትር የማይታየው ከሆነ አይውረድ። ያን ጊዜ የሚሻለው መኪናውን አዙሮ በመመለሻው ደብረ ሊባኖስ መግባት ነው፤ ይህም አማራጭ ከመነሳትዎ በፊት በዋጋው ውስጥ የተጻፈ ይሁን።